ለተከላካይዋ ወንድም ስለተሰጠው ሜዳሊያ

ለክቡር አቶ ታርቮ ሌፒክ
የፓዩሳሬ ከተማ የባህልና የስፖርት ጽሕፈት ቤት ኃላፊ
ባሉበት

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ለጤንነትዎ ያለኝን ልባዊ ምኞት እገልጻለሁ። በተለይም የደም ግፊትዎ በዚህ በሰሞኑ ሙቀት እንዳይነሳብዎ፣ ከተነሳም መድኃኒቱን በየወሩ ከፋርማሲው መስኮት የምትሰጥዎት ሴት ማን እንደሆነች እንዲያስታውሱ እመኛለሁ። ስለ እሷ ነውና የምጽፍልዎ።

ይህን ደብዳቤ ወደ ቢሮዎ መላክ ሲገባኝ በአውራጃው ጋዜጣ ላይ ማውጣቴ ድፍረት እንዳይመስልብዎ። ወደ ቢሮዎ ሦስት ጊዜ ጽፌያለሁ። ሦስት ጊዜም ኮምፒውተርዎ በሰከንድ ውስጥ «መልእክትዎ ደርሶናል፤ እናመሰግናለን» ብሎ መልሶልኛል። ከጽሕፈት ቤትዎ ባልደረቦች ሁሉ ጨዋውና ፈጣኑ እሱ በመሆኑ ዕድገት ቢሰጡት አይቆጨኝም። እኔ ግን ከሰው ጋር መነጋገር ስለለመድኩ ወደ ጋዜጣው መጥቻለሁ።

እኔ፣ ምናልባት ረስተውኝ እንደሆነ፣ በዚህች ከተማ ትምህርት ቤት ለአርባ አንድ ዓመት የአፍ መፍቻ ቋንቋችንን ያስተማርኩ ጡረተኛ ነኝ። እርስዎንም ከስድስተኛ እስከ ዘጠነኛ ክፍል አስተምሬዎታለሁ። ከመስኮቱ ሥር ሦስተኛው ወንበር ላይ ይቀመጡ ነበር። ምንባብ ሲሰጥዎ የመጀመሪያውን ገጽ ብቻ አንብበው የሁለተኛውን ገጽ ጥያቄዎች ሁሉ ያለ አንዳች ፍርሃት የመመለስ ልዩ ተሰጥኦ ነበረዎት። ያ ተሰጥኦ ከዕድሜ ጋር ጠፍቶ ይሆናል ብዬ ሰግቼ ነበር፤ ባለፈው የካቲት እንዳልጠፋ አይቼ ተጽናናሁ።

ነገሩን ለማያውቁ አንባቢዎች ባጭሩ ላስረዳ። በፓዩሳሬ ሁለት ወንድምና እህት አሉ፤ ማርጉስ ካዳሪክና ማርጌ ካዳሪክ ይባላሉ። ማርጌ ታናሽ ናት። ሰባት ዓመት ሲሞላት ወንድሟን ተከትላ ሜዳ ወረደች። የልጃገረዶች ቡድን ስላልነበረ ከወንዶቹ ጋር ተጫወተች። አሥራ ሁለት ሲሞላት «ከእንግዲህ ከወንዶች ጋር አይፈቀድም» ተብላ ተመለሰች፤ ከዚያ በኋላ በሳምንት አራት ቀን ከትምህርት ቤት ደጅ አውቶቡስ ተሳፍራ አርባ ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ ወዳለው የአውራጃው ከተማ ትሄድ ጀመር። የኔን የቤት ሥራ አውቶቡስ ላይ ትሠራው ነበር፤ ከጽሕፈቷ አስፋልቱ የት ጋ እንደተቆፈረ ማወቅ ይቻል ነበር። በአሥራ ሰባት ዓመቷ የአገራችንን የሴቶች ብሔራዊ ቡድን ማልያ ለበሰች። ቁጥሯ አራት ነው። ለአሥራ ዘጠኝ ዓመት አላወለቀችውም፤ ዘጠና አንድ ጨዋታ ተሰልፋለች፣ ጉልበቷ ሁለት ጊዜ ተቀዷል፣ አፍንጫዋ አንድ ጊዜ ተሰብሯል። ጎል ያገባችው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ከማዕዘን ምት በግንባሯ ገጭታ። ስለዚያች ጎል ስትጠየቅ «ኳሷ ራሷ ናት መጥታ የመታችኝ» ትላለች።

ቡድናችን ትንሽ ነው፤ ብዙ ጊዜ እንደምንሸነፍ ማንም የሚክደው አይደለም። በስምንት ለዜሮ ተሸንፈው የመጡ ዕለት የምትሠራበት ፋርማሲ ገብቼ «እንዴት ነበር?» ብላት «ደህና ነበር፤ አሥራ አምስት መሆን ነበረበት» አለችኝ። ሰባት ጎል ያዳነ ሰው የሚናገረው ይህን ብቻ ነው። ሥራዋ እንዲህ ያለ ነው፤ ተከላካይ በደንብ ሲሠራ ምንም ነገር አይከሰትም፣ ያልተከሰተን ነገር ደግሞ ማንም አያጨበጭብለትም።

ማርጉስ በበኩሉ በአራተኛው ዲቪዚዮን ሁለት ዓመት ተቀያሪ ወንበር ላይ ተቀምጧል። በወረቀት ላይ እሱም ተከላካይ ነበር። ተቀይሮ በገባ በሦስተኛው ጨዋታ በራሱ ቡድን መረብ ላይ እጅግ ያማረ ጎል አግብቶ በክብር ተሰናበተ። አሁን የከተማውን የበረዶ መጥረጊያ መኪና ይነዳል። ጨዋ ሰው ነው፤ በክረምት ከቤታችን የምንወጣው በእሱ ነው። በዚህ ሁሉ ታሪክ ውስጥ አንዳች ጥፋት የለበትም።

እንግዲህ ቅሬታዬን፣ ወይም ምስጋናዬን፣ በተራ ላቅርብ።

አንደኛ። የነጻነት በዓላችን ዋዜማ ላይ በባህል ቤቱ አዳራሽ የከተማዋን የክብር ሜዳሊያ ሲሰጡ የተናገሩትን ንግግር ከልብ አደንቃለሁ። እንደሚያውቁት ቋንቋችን እሱና እሷን አይለይም፤ ወንድ ይሁን ሴት፣ ለሁለቱም አንዲት «ታ» ትበቃናለች። እርስዎም ያችን ቃል ይዘው ሰባት ደቂቃ ሙሉ ያለ እንቅፋት ተጓዙ። «በዝናብም በውርጭም ከቦታቸው አልጠፉም» አሉ። «ሌሎች ሲጨበጨብላቸው እሳቸው ከኋላ ሆነው ሥራቸውን ሠሩ» አሉ። «መንገድ ዘጉ፤ ማንንም አላሳለፉም» አሉ። እኔ ከፊት በሁለተኛው ረድፍ በማርጌና በማርጉስ መካከል ተቀምጬ ነበር። ማርጌ ሰማያዊ ቀሚስ ለብሳለች፤ ከዚያ በፊት ቀሚስ ለብሳ ያየኋት ትምህርት የጨረሰች ዕለት ብቻ ነው። ማርጉስ የጥሪ ወረቀት በስሙ ስለደረሰው ስለ በረዶው ሊያመሰግኑት መስሎት በብርቱካንማ የሥራ ሰደሪያው ከመኪናው ወርዶ መጥቷል። መንገድ መዘጋቱን ሲሰማ ግን ወደ ጆሮዬ ተጠግቶ «መምህርት፣ እኔ እኮ መንገድ ከፋች ነኝ። ሰውዬው ሊያዋርደኝ ነው እንዴ የጠራኝ?» አለኝ። መልስ ሳልሰጠው እርስዎ «ስመ ጥሩው ተከላካይ፣ ማርጉስ ካዳሪክ» ብለው ተጣሩ።

በአዳራሹ ሁለት መቶ ሰው ነበር። ሁለት መቶውም ስህተት መሆኑን ያውቃል። ከሁለት መቶው አንድ ሰው እንኳ አልተነፈሰም። ሰው በተሰበሰበበት ድምፁን ከፍ ከሚያደርግ የሌላ ሰው ሜዳሊያ መቀበል የሚቀለው ሕዝብ ነንና ማርጉስ ፊቱ እንደ ቀይ ሥር ቀልቶ ተነሣ፣ ወጣ፣ አንገቱን ዝቅ አድርጎ አስጠለቀ፣ ተመልሶ ተቀመጠ። ከዚያ በኋላ ስለ ከተማዋ የቆሻሻ አወጋገድ የተሰጠውን ማብራሪያ በሙሉ ጸጥታ አዳመጥን። ማርጌ ለወንድሟ አጨበጨበች። ስታጨበጭብ ከጎኗ ስለነበርኩ እጆቿን አይቻለሁ። ክቡር ሆይ፣ እርስዎ አላዩም፤ ወረቀትዎን እያጠፉ ነበር።

ሁለተኛ። አገራችን ግብር መክፈሉንና ድምፅ መስጠቱን ሁሉ ከሶፋ ሳይነሱ በኮምፒውተር መጨረስ የሚቻልባት በመሆኗ እኮራለሁ። ማርጉስ በማግስቱ ሜዳሊያውን ይዞ እህቱ ቤት ሄደ። «ያንቺ ነው» አላት። «ያንተ ስም ነው የተቀረጸበት፤ ውሰደው» አለችው። ስለዚህ ወደ ጽሕፈት ቤትዎ ሊመልሰው ሄደ። በመስኮቱ ያለችው ልጅ ኮምፒውተሯን ፈትሻ የተሰጠ ሜዳሊያ የሚመለሰው በሁለት ምክንያት ብቻ እንደሆነ ነገረችው፤ ተሸላሚው ሲሞት ወይም ስሙን ሲቀይር። «በስህተት ነው የተሰጠኝ» ቢላት «በስህተት የሚል ምርጫ የለም» አለች። ከዚያም ስታስብ ቆይታ፣ ከልቧ ልትረዳው ፈልጋ፣ «ለምን ስምህን ወደ ማርጌ አትቀይረውም? አምስት ደቂቃ ነው የሚፈጀው» አለችው። ማርጉስ ቤቱ ሄዶ ለሚስቱ ሲነግራት ሳቀችበት፤ እሱ ግን አላሳቀውም። ሜዳሊያው አሁን በበረዶ መጥረጊያ መኪናው ውስጥ መስታወቱ ላይ ተንጠልጥሏል። እያየው እንዲያፍርበት ብሎ ነው የሰቀለው። እርስዎ አንገቱ ላይ የሰቀሉት ነገር ያሳፈረው እርስዎን ሳይሆን እሱን መሆኑ ይገርመኛል።

ሦስተኛውን ለጊዜው ልለፈው። እመለስበታለሁ።

አራተኛ። አዲሱ ሰው ሠራሽ ሣር ያለው ሜዳ በግንቦት ተመረቀ፤ በሩም ላይ ከብረት የተሠራ ያማረ ጽሑፍ ቆመ፦ «የማርጉስ ካዳሪክ ሜዳ»። በየካቲት የሆነውን ስህተት ለማረም ሦስት ወር እንደነበረዎት አውቃለሁ፤ እርስዎ ግን ስህተትን ከማረም ይልቅ በብረት ማጽናትን መረጡ። ሆኖም ሰው ነዎትና ነገሩ ሳያስጨንቅዎ አልቀረም። በሰኔ መጀመሪያ መድኃኒትዎን ሊወስዱ ፋርማሲ ገብተው ወረፋ ይዘው፣ ተራዎ ሲደርስ ድምፅዎን ዝቅ አድርገው ለማርጌ የተናገሩትን ከኋላዎ ቆሜ ሰምቻለሁ። መስማት አልፈለግሁም፤ ግን ጆሮዬ ገና አልደከመም።

«ያው፣ ከቤተሰብ አልወጣም እኮ» አሉ።

ማርጌ ክኒኑን ቆጥራ ታሽጋለች።

«ካስፈለገም ጽሑፉን ‹ማ. ካዳሪክ› እናደርገዋለን። ለሁለታችሁም ይሆናል» አሉ።

«ከምግብ በኋላ፣ በቀን አንድ ጊዜ» አለችዎ። «ቀጥሎ ያለው ሰው።»

ቀጥሎ ያለሁት እኔ ነበርኩ። አሥራ ዘጠኝ ዓመት ከአገር ምድር አጥቂ ጋር ስትጋጠም እንዲህ ነበር የምታደርገው፤ ሳትነካቸው፣ ሳትጮህ፣ አጥቂዎቹ ራሳቸው ሄደው ከሜዳው ዳር ማስታወቂያ ሰሌዳ ጋር ይጋጩላታል። እርስዎም በሩን ወደ ውጭ መግፋት ሲገባዎ ወደ ውስጥ እየሳቡ ትንሽ ታግለው ወጥተዋል።

አምስተኛ። ባለፈው ቅዳሜ ማርጌ የመጨረሻ ጨዋታዋን በዚያው ሜዳ ተጫወተች። ለፓዩሳሬ ነው የተጫወተችው፤ እሷ ራሷ ከሥራ በኋላ እያሠለጠነች ላቆመችው ቡድን። ዛሬ በከተማችን አርባ ሁለት ልጃገረዶች ኳስ ይጫወታሉ፤ አንዳቸውም አርባ ኪሎ ሜትር አውቶቡስ አይሳፈሩም። በሰባኛው ደቂቃ ተቀይራ ስትወጣ ሰዉ ሁሉ ተነሣ፤ ስንነሣም እንደ ልማዳችን ምንም አልተናገርንም፣ ግን ብዙ ቆየን። እርስዎም ወደ ሜዳው ገብተው፣ ካሜራ ባለበት በኩል ቆመው፣ አበባ አበረከቱላት። የማልያዋን ቁጥር አስታውሰው አራት አበባ ማሰርዎ በጣም የታሰበበት ነገር ነው። በዚህች አገር ለሕያው ሰው አበባ በጎዶሎ ቁጥር እንደሚሰጥ፣ እንደ አራት ያለ ተጋማሽ ቁጥር የሚታሰረው ለመቃብር ብቻ እንደሆነ ጥርሱን ያላበቀለ ሕፃን እንኳ ያውቃል። አርባ ሁለቱም ልጆች ጣታቸውን አንሥተው ሲቆጥሩ አየሁ፤ አንደኛዋ ደግማ ቆጠረች። ማርጌ ከአራቱ አንዱን መዝዛ ለእርስዎ መለሰችልዎ፤ «አሁን ደህና ነው» አለች። ለእሷ ሦስት፣ ለእርስዎ አንድ፤ ሁለታችሁም በሕይወት ተረፋችሁ። ጋዜጠኛው ይህን ፎቶ አንሥቶ «ተከላካይዋ ለኃላፊው ምስጋናዋን ገለጸች» ብሎ አወጣው።

እስከዚህ ድረስ ብስቅበት ደስ ባለኝ። ከጨዋታው በኋላ የሆነው ግን አያስቅም። ከበሩ ስንወጣ ማንበብ ገና የጀመረች አንዲት የሰባት ዓመት ልጅ ብረቱን ፊደል በፊደል አነበበችና የማርጌን እጅ ይዛ «ማርጉስ ማነው? ጎበዝ ተጫዋች ነበር?» ብላ ጠየቀቻት። ማርጌ ቀና ብላ ጽሑፉን አየችው። «በረዶ በጣም አሳምሮ ይጠርጋል» አለቻት። ልጅቷም «እኛስ በማን ስም ነው የምንጫወተው?» አለች። ማርጌ ሦስቱን አበባ አስያዘቻት። እኔ ጫማዬን የማስር መስዬ ከአጥሩ ጀርባ ጎንበስ አልኩ፤ ጫማዬ ማሰሪያ የለውም። እዚያው አለቀስኩ።

አሁን ወደ ሦስተኛው ልመለስ። ሦስተኛው ጥፋት የኔ ነው።

ማርጌን ለሜዳሊያው የጠቆምኳት እኔ ነኝ። ባለፈው መስከረም ሁለት ገጽ ጽፌ ለጽሕፈት ቤትዎ ላክሁ። አርባ አንድ ዓመት ሙሉ ልጆችን «ሰው የሚያውቀውን ስም እየደጋገማችሁ ዓረፍተ ነገር አታበላሹ» ስል ኖሬ፣ ራሴም በትምህርቴ ጸንቼ፣ ከላይ አንድ ጊዜ «ማ. ካዳሪክ፣ ተከላካይ» ብዬ ጻፍኩና ከዚያ ወዲያ በ«ታ» ብቻ ተጓዝኩ። በፓዩሳሬ ውስጥ ማን እንደሆነች የማያውቅ ሰው ይኖራል ብዬ በሕልሜም አላሰብኩም። ጽሑፉ ያምር ነበር፤ እርስዎም በንግግርዎ ቃል በቃል ስላነበቡት ማማሩን መስክረዋል። ዘጠና አንዱ ጨዋታ፣ ብሔራዊ ቡድኑ፣ ጉልበቷ፣ «የሴቶች» የሚለው ቃል ራሱም ያለው ሁለተኛው ገጽ ላይ ነው። ለእርስዎ ስጽፍ ሁለተኛ ገጽ መጻፍ አልነበረብኝም፤ ይህን ከማንም በላይ ማወቅ የሚገባኝ አስተማሪዎ እኔ ነኝ። እርስዎ ግን የመጀመሪያውን ገጽ አንብበው፣ የድሮ የተጫዋቾች መዝገብ ከፍተው «ተከላካይ» የሚል ሲፈልጉ፣ በወንዶቹ በኩል ብቻ ፈለጉ። እኔ ስሟን አልጻፍኩም፤ እርስዎ ደግሞ ሴት ልትሆን እንደምትችል አላሰቡም። ሁለቱን ጥፋቶች ሚዛን ላይ አላስቀምጣቸውም።

ከዚህ የሚከፋው ግን ሌላ ነው። በዚያ አዳራሽ ስሙን ሲጠሩ ከሁለት መቶው ሰው የጥቆማውን ደብዳቤ የጻፍኩት እኔ ብቻ ነበርኩ። ተነሥቼ «ተሳስተዋል» ማለት እችል ነበር። ቦርሳዬን ጭኔ ላይ አጥብቄ ይዤ ተቀመጥኩ። ሰው ምን ይለኛል ብዬ ነው። ማርጌ ስታጨበጭብ እኔም አጨበጨብኩ። ስለዚህ ይህ ደብዳቤ በአምስት ወር የዘገየ «ተሳስተዋል» ነው፤ በየካቲት ተነሥቼ ብናገረው ኖሮ አንድ ቃል ይበቃ ነበር፣ ዛሬ ግማሽ ጋዜጣ ፈጀ።

ክቡር ሆይ፣ ልመናዬ ትንሽ ናት። ይቅርታ እንዲጠይቁ አልጠይቅም፤ ማርጌም አትፈልገውም፣ ከወሰደችውም ምን እንደምታደርገው አታውቅም። ሜዳሊያውም ባለበት ይንጠልጠል። የምለምነው የበሩን ብረት ብቻ ነው። ‹ጉስ› የሚለውን ነቅሎ ‹ጌ› መትከል ነው። ‹ማ.› አንፈልግም፤ በነጥብ ያጠረ ስም ምን እንደሚያመጣ ሁላችንም አይተናል። ሙሉ ስሟ ይጻፍ፤ ሥሩም ላይ «ተከላካይ» ይባል። ትምህርት ቤት መስከረም አንድ ይከፈታል፣ በማግስቱ አርባ ሁለቱ ልጃገረዶች በዚያ በር ይገባሉ፤ ያቺ የሰባት ዓመት ልጅ እስከዚያ ድረስ ከአሁኑ ይበልጥ አጥርታ ማንበብ ትችላለች።

ላደረጉልን ሁሉ፣ ላላደረጉትም ጭምር፣ በመላው የከተማዋ ነዋሪ ስም አመሰግናለሁ። እርስዎን ያስተማርኩበትን አራት ዓመት ስመለከት የበለጠ ማድረግ እችል እንደነበር ይሰማኛል።

ከታላቅ አክብሮት ጋር፣ ሁልጊዜም መልስዎን በትዕግሥት የምትጠብቅ፣

ሳልሜ ቫህትራ
ጡረተኛ መምህርት፣ ሴት

ተጨማሪ ማስታወሻ፦ ስሜን ሙሉውን የጻፍኩት በምክንያት ነው። «ሳ. ቫህትራ» ብዬ ብፈርም መልስዎ ከዘጠኝ ዓመት በፊት ላረፈው ባለቤቴ ለሳንዴር እንዳይሄድ ሰግቼ ነው። ለእሱ ለመጻፍ ከወሰኑ ግን አራት አበባ ይዘው ቢሄዱ ይስማማዋል።

ሌላም፦ ማርጉስ ይህን ደብዳቤ ሳይታተም አንብቦ አንድ ነገር እንድጨምርለት ለምኖኛል። በየካቲቱ ንግግር መንገድ ዘግቶ ማንንም ባለማሳለፉ የከተማዋን ከፍተኛ ክብር ስላገኘ፣ ሽልማቱ ያለአግባብ የተሰጠ እንዳይሆን በዚህ ክረምት ሠርቶ ሊያገኘው ቆርጧል። የት እንደሚጀምር ብጠይቀው ቤትዎ የሚገኝበትን መንገድ ስም ነገረኝ። የመጀመሪያው በረዶ አብዛኛውን ጊዜ በኅዳር ይወድቃል።